ሰማንያ፣ ደመወዝና የዘንድሮው «አብሮ መኖር»

ወንድና ሴት ኪራይ ለመጋራት ብለው አንድ ጣራ ሥር ቢገቡና ነገ ቢለያዩ፣ ለሴቲቱ ምን ይቀርላታል? በሐርጌሳ፣ በጋአን ሊባህ ሰፈር፣ ወጣት እህቶቻችን ስለ ዘመናዊ ፍቅር ሲጫወቱ ነገሩ ዞሮ ዞሮ ከዚሁ ጥያቄ ላይ ይወድቃል። ጥያቄው ግን የዛሬ አይደለም፤ አያቶቻችንም ብዙ መክረውበታል።

በአገራችን ደገኛ ባህል ከቁርባን ሌላ ሁለት የታወቁ የጋብቻ ዓይነቶች ነበሩ። ሰማንያ የሚባለው በሽማግሌና በምስክር ፊት፣ በንጉሥ ስም ተማምለው የሚዋዋሉበት ነው። ባልና ሚስት ቢፋቱ አብረው ያፈሩትን እኩል ይካፈላሉ። ሁለተኛው ደመወዝ ነው። ነጋዴው ወይም ወታደሩ ከቤቱ ርቆ ሲቆይ ከአንዲት ሴት ጋር ለተወሰነ ጊዜ ይዋዋላል። እርሷም ወጥ ሠርታ፣ ልብስ አጥባ፣ መኝታውን ተጋርታ የተስማሙበትን ክፍያ ትቀበላለች። ከንብረቱ ግን አትካፈልም፤ ቢሞትም አትወርሰውም። ሰዉም «የጭን ገረድ» እያለ ያዋርዳት ነበር።

የ1952 ዓ.ም. የፍትሐ ብሔር ሕግ ሴት ልጅ በ15 ዓመቷ እንድታገባ ፈቀደ፤ ባልንም የቤተሰቡ የበላይ አደረገው። በ1992 ዓ.ም. የወጣው የተሻሻለው የቤተሰብ ሕግ ግን የጋብቻን ዕድሜ ለሁለቱም 18 አደረገ፤ ቤቱን መምራትም የሁለቱም ሆነ። ሳይጋቡ እንደ ባልና ሚስት የኖሩ ሰዎችም ቢያንስ 3 ዓመት ከቆዩ፣ በዚያ ጊዜ ያፈሩት ሀብት የጋራቸው እንዲሆን ደነገገ። ሕጉ የወጣው ለአዲስ አበባና ለድሬዳዋ ሲሆን፣ የአማራ ክልል የራሱን የቤተሰብ ሕግ በ1995 ዓ.ም. አወጣ። እዚህ የሶማሌ ጎረቤቶቻችንም ኒካ ሲያስሩ መህሩ ይነገራል፤ መህርም የሴቲቱ የራሷ ገንዘብ ነው።

እንግዲህ ልብ እንበል። የሰማንያ ሚስት እኩሌታዋን ታውቃለች። ያቺ የተናቀችው የደመወዝ ሚስት እንኳ የሚደርሳትን አስቀድማ ተነጋግራ ትገባ ነበር። ዘመናዊ ነኝ የምትለው የዛሬዋ እህታችን ግን ብዙ ጊዜ ምንም ሳትነጋገር ትገባለች። ታበስላለች፣ ታጥባለች፣ ከደመወዟም ለኪራይ ታዋጣለች፤ ስትወጣ ግን ሻንጣዋን ብቻ ይዛ ነው። በስደት ደግሞ ሽማግሌውም፣ ዘመዱም፣ የአገር ቤቱም ዳኛ ሩቅ ነው።

«ድርሻዬስ?» ብሎ መጠየቅ ፍቅርን መሸጥ አይደለም። ልጅ ቢወለድ ማን ያሳድገዋል? የተጠራቀመው ገንዘብ የማን ነው? ይህን በሁለት ታማኝ ምስክሮች ፊት መነጋገር የሚያስከፋው ወንድ፣ ገና ከደጅ ሳለ ማንነቱን ነግሯታል። ሲሮጡ የታጠቁት ሲሮጡ ይፈታልና፣ እህቶቻችን ቆም ብለው ይታጠቁ።