ታሪክ ጸሐፊ ያልገባበት ቤት

የጎጃምን ታሪክ አስቡ ብትባሉ አስቀድሞ ወደ ሐሳባችሁ የሚመጣው ምንድን ነው? ምናልባት ራስ አዳል በ1873 ዓ.ም. ተክለ ሃይማኖት ተብለው መንገሣቸው፤ ምናልባት በ1874 ዓ.ም. በእምባቦ ከንጉሥ ምኒልክ ጋር ተዋግተው መማረካቸው፤ ወይም መንቆረር ትባል የነበረችው ከተማ ደብረ ማርቆስ መባሏ ይሆናል። ይህ ሁሉ ተጽፎ ተቀምጧል። ነገር ግን በዚያው ዘመን በደብረ ኤልያስ ወይም በማንኩሳ ገጠር አንዲት እናት የታመመ ልጅዋን ታቅፋ በምድጃ ዳር ስታድር ምን እንደ ተሳለች፤ አንድ አባትም ለሴት ልጁ ባል ሲመርጥ ማንን አማክሮ ማንን ሳያማክር እንደ ቀረ ብትጠይቁ፤ ዜና መዋዕሉ ዝም ይላል። ዜና መዋዕል ጸሐፊ ከግብር አዳራሽ ተነሥቶ እስከ ጦር ሜዳ ይከተላል እንጂ ወደ ጓዳ አይገባም።

ታዲያ ይህን የተዘጋ ቤት ማን ከፈተው ብንል፤ መልሱ ልብ ወለድ ጸሐፊ ነው። ልብ ወለድ፣ ስሙ እንደሚነግረን፣ ከልብ የተወለደ ነገር ስለ ሆነ ለታሪክ ምስክር ሊሆን አይችልም የሚል ሰው ይኖር ይሆናል። እውነት ነው፤ በልብ ወለድ ውስጥ የሚመላለሰው ሰው በመዝገብ ቢፈለግ አይገኝም። ሆኖም ያ ሰው የሚኖርበት ቤት፣ የሚፈራው አባት፣ ሊጥሰው የማይደፍረው ልማድ፣ ደራሲው አይቶ ያወቀው ነው። ስለዚህ በዛሬው ንግግራችን የእንግሊዝን አገር ቤትና የጎጃምን ደጋ ቤት ጎን ለጎን አድርገን እንመለከታለን። የምንፈልገውም አንድ ነገር ነው፤ ይኸውም ወላጅ ልጁን ከመውደዱ የተነሣ ስለ ልጁ ሲወስን፣ ልጁን ራሱን መጠየቅን ለመማር ስንት ዘመን እንደ ፈጀ ማስተዋል ነው።

በእንግሊዝ አገር የቤተ ሰብን ኑሮ የረዥም ልብ ወለድ ዋና ጉዳይ ካደረጉት ሰዎች አንዱ ሳሙኤል ሪቻርድሰን የተባለው የለንደን አታሚ ነው። ይህ ሰው እንደ አውሮፓ አቆጣጠር በ1747 እና በ1748 «ክላሪሳ» የተባለውን ትልቅ መጽሐፉን አሳተመ። ክላሪሳ ከባለጸጋ ቤት የተወለደች ልጃገረድ ናት። አያትዋ ስለ ወደዳት ርስት አወረሳት፤ በዚህም ወንድምዋና እኅትዋ ቀኑባት። ቤተ ሰቦችዋ ሀብት በሀብት ላይ ለመጨመር ሲሉ የምትጸየፈውን ባለጸጋ እንድታገባ ፈረዱባት፤ አሻፈረኝ ብትል በገዛ ቤትዋ ውስጥ አሰሩአት። ከዚያ ቤት ሊወጣላት የቻለው ደብዳቤዋ ብቻ ስለ ነበረ መጽሐፉም የተጻፈው በደብዳቤ መልክ ነው። በመጨረሻ ከአባትዋ ቤት ብታመልጥ በአታላይ እጅ ወደቀች፤ ሞትዋም ከዚህ መጣ። ልብ በሉ፤ ይህች ልጅ ድሀ አልነበረችም፤ በስምዋ የተጻፈ ርስት ነበራት። የጎደላት አንድ ነገር ነው፤ እርሱም «እምቢ» ስትል የሚሰማት ሰው ነው።

መጽሐፉ ከታተመ ከጥቂት ዓመታት በኋላ፣ በ1753፣ የእንግሊዝ ምክር ቤት ዕድሜያቸው ከ21 ዓመት በታች የሆኑ ልጆች ያለ ወላጅ ፈቃድ በቤተ ክርስቲያን ፈቃድ ወረቀት እንዳይጋቡ የሚከለክል ሕግ አወጣ። ሕጉ የተቆረቆረው ለወላጅ ነበረ ማለት ነው። ከዚያም በ1813 ጄን ኦስተን «ኩራትና ጭፍን ጥላቻ» በተባለው መጽሐፍዋ አምስት ሴቶች ልጆች ያሉትን አንድ ቤት አሳየችን። የአባታቸው ርስት ለወንድ ወራሽ ብቻ እንዲተላለፍ የታሰረ ስለ ነበረ፣ አባትየው ሲሞት ቤቱም መሬቱም ለሩቅ ዘመድ ይሄዳል። እናትየው ሌት ተቀን ስለ ጋብቻ ብቻ ስታወራ አንባቢ ይሥቅባታል፤ ነገር ግን ከሣቁ በታች ያለውን ፍርሃት ያስተዋለ ሰው ሣቁን ይቀንሳል። ቻርልስ ዲክንስ ደግሞ በ1848 ባጠናቀቀው «ዶምቤይና ልጅ» በተባለው መጽሐፉ የንግድ ቤቱን ስም የሚያስጠራ ወንድ ልጅ ከመፈለግ የተነሣ፣ የምትወደውን ሴት ልጁን እንደ ሌለች የቈጠረ ኩሩ አባት አሳይቶናል። በዚያች አገር ያገባች ሴት የገዛ ገንዘብዋን ራስዋ እንድታዝበት ሕግ የፈቀደላት በ1870 ጀምሮ፣ በሙሉ ደግሞ በ1882 ነው። እንግዲህ ልብ ወለዱ ከሕጉ በፊት ብዙ ዘመን ቀድሞ ተናግሮ ነበር።

አሁን ወደ አገራችን እንመለስ። የአማርኛ ልብ ወለድ መጽሐፍም ሲጀመር በቤተ ሰብ ነገር ነው የጀመረው። በጣና ዳር በዘጌ የተወለዱት አፈወርቅ ገብረ ኢየሱስ በ1900 ዓ.ም. በሮማ ያሳተሙት «ልብ ወለድ ታሪክ» ጦርነት የበተነው አንድ ቤተ ሰብ እርስ በርሱ ሲፈላለግ የሚያሳይ ነው፤ በውስጡም ጦቢያ የተባለችው ልጃገረድ የወንድ ልብስ ለብሳ ወንድምዋን ፍለጋ ትወጣለች። ብላቴን ጌታ ኅሩይ ወልደ ሥላሴም በ1923 ዓ.ም. ስለ ብርሃኔና ስለ ጽዮን ሞገሳ ጋብቻ የጻፉት መጽሐፍ፣ ባልና ሚስት በመከባበርና በምክር ቤታቸውን እንዴት ሊያቆሙ እንደሚችሉ የሚያስተምር ነበረ። ጋብቻ እንዴት ይሁን የሚለው ጥያቄ በጽሑፋችን ውስጥ እንግዳ ነገር አልነበረም።

ነገር ግን የደጋውን ጎጃም ቤት ከምሰሶው እስከ ጓዳው ያሳዩን ክቡር ዶክተር ሐዲስ ዓለማየሁ ናቸው። ሐዲስ ዓለማየሁ የተወለዱት በደብረ ማርቆስ አካባቢ በእንዶዳም ኪዳነ ምሕረት ነው፤ የቤተ ክርስቲያን ትምህርትም በደብረ ኤልያስ፣ በደብረ ወርቅና በዲማ ተምረዋል። በጠላት ጊዜ ተማርከው ወደ ኢጣሊያ ተወስደው ታስረዋል፤ ከነፃነት በኋላም አገራቸውን በውጭ አገር በአምባሳደርነት አገልግለዋል፤ በ1950ዎቹ ዓመታት የተላኩትም ወደ ለንደን ነበረ። «ፍቅር እስከ መቃብር» የተባለው ታላቅ መጽሐፋቸው የታተመው በ1958 ዓ.ም. ነው። በኋላም ወጋየሁ ንጋቱ በኢትዮጵያ ሬዲዮ ባነበበው ጊዜ፣ ፊደል ያልቈጠረው ሰው ሳይቀር የሰብለ ወንጌልንና የበዛብህን ነገር እንደ ጎረቤቱ ነገር አወቀው።

መጽሐፉ የሚጀምረው ከትልቅ ሰው አዳራሽ አይደለም፤ በማንኩሳ ከሚገኝ ከአንድ ባላገር ቤት ነው። የቤቱ እመቤት ውድነሽ በጣሙ ከወላጆችዋ የወረሰችው መሬት አላት፤ ቦጋለ መብራቱ ግን ድሀ ነው። ይህ ነገር የጎጃምን ሥርዓት ለማያውቅ ሰው እንግዳ ይመስለዋል። ለሚያውቀው ግን በርስት አገር ተወላጅነት በአባትም በእናትም ወገን ስለሚቈጠር ሴት ልጅም ርስት የመጠየቅ መብት ነበራት። አሜሪካዊው አለን ሆበን ስለ ደጋ ዳሞት የመሬት ሥሪት በ1973 እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ባሳተመው መጽሐፍ ይህንኑ በሰፊው አስረድቷል። ይህ የርስት ሥርዓት በ1967 ዓ.ም. የገጠር መሬት የሕዝብ ሲሆን ቀርቷል። እንግዲህ በኦስተን መጽሐፍ ያሉት አምስቱ እኅትማማቾች ያላገኙትን መብት የጎጃም ሴት በልማድ ይዛው ነበር ማለት ነው። በእርግጥ በችሎት ቆሞ የሚሟገተው ብዙውን ጊዜ ወንዱ ነበረ፤ ቢሆንም የመብቱ ሥር በእርስዋም በኩል ይመዘዝ ነበር።

ታዲያ ርስት ካላት፣ የጎጃም ልጅ ነፃ ነበረች? ሐዲስ ዓለማየሁ የመለሱልን መልስ የሚያሳዝን ነው። በሁለት ቤት ሁለት ውሳኔ አሳዩን፤ ሁለቱም ውሳኔ ከወላጅ ፍቅር የወጣ ነው።

አንደኛው ውሳኔ የተወሰነው በማንኩሳ ነው። ውድነሽና ቦጋለ ያገኙት ልጅ በዛብህ በሕፃንነቱ ደጋግሞ ቢታመምባቸው፣ በሕይወት ቢቆይ ለቤተ ክርስቲያን አገልጋይ እንዲሆን ብፅዓት ገቡ። ስእለት የያዘ ልጅ እንደ ሌላው ሰው ትዳር ሊይዝ አይገባም። ከእናንተ መካከል የታመመ ልጅ አስታማችሁ ያደራችሁ፣ በዚያች ሌሊት ወላጅ የማይሳለው ስእለት እንደ ሌለ ታውቃላችሁ። ወላጆቹን ልንነቅፋቸው አንችልም። ነገር ግን ስእለቱን የሚከፍለው የተሳለው ሰው አልነበረም፤ ያን ጊዜ አፉን ያልፈታው ሕፃን ነበረ። ዕዳውም አድጎ ሲያፈቅር በዓይነ ኅሊናው ፊት ቆመ።

ሁለተኛው ውሳኔ የተወሰነው በዲማ፣ በፊታውራሪ መሸሻ ቤት ነው። ፊታውራሪ ልጃቸውን ሰብለ ወንጌልን ይወዱአታል፤ ይሳሱላታልም። ከመውደዳቸውም የተነሣ ለእርስዋ የሚመጥን ዘር ያለው ባል በአገሩ አጡላት። አንዱን ሲመልሱ፣ ሌላውን ሲያንቋሽሹ፣ የልጅትዋ የጋብቻ ዕድሜ አለፈ። እንድትማርላቸውም መምህር ወደ ቤት አስገቡ፤ መምህሩም በዛብህ ነበረ። ፊደል ያለበት ቤት ደግሞ እንደ ድሮው ዝም ብሎ አይኖርም። ክላሪሳ ታስራ ሳለች ብዕር እንደ ተረፈላት ሁሉ፣ ለሰብለም የልብዋን የምትገልጥበት መንገድ የተገኘላት ከትምህርቱ ጋር ነው። ከዚህ በኋላ የሆነውን ታውቁታላችሁ። እርሱ ሸሸ፤ እርስዋም እንደ ጦቢያ መልክዋን ለውጣ የመነኵሴ ልብስ ለብሳ ፍለጋ ወጣች፤ የተገናኙትም የመጽሐፉ ስም በሚነግረን ስፍራ ደርሰው ነው።

በዚያ ቤት ውስጥ አንድ ሰው ብቻ ይህን ሁሉ አስቀድሞ አይቶ ነበር፤ እርሱም ካሳ ዳምጤ ነው። አገሩ ግን «ጉዱ ካሳ» ብሎ ስም አወጣለት። ልማድን የሚመረምር ሰው የልማድ ጠላት መስሎ ይታያልና እንደ እብድ ተቈጠረ። ፊታውራሪ ከተለመደው ግብር በላይ በጠየቁ ጊዜ በአበጀ በለው መሪነት የተነሡት ገበሬዎችም ያንኑ ነገር በሌላ ቋንቋ ተናገሩ። በልጁ ላይ ያለ መጠየቅ የሚወስን አባት፣ በገባሩም ላይ እንደዚያው ይወስናልና። ደራሲው ሁለቱን በአንድ መጽሐፍ ያኖሩት ያለ ምክንያት አይመስለንም፤ የቤት አስተዳደርና የአገር አስተዳደር ከአንድ ምንጭ እንደሚቀዱ ሊያሳዩን ነው።

እንግዲህ ሁለቱን አገሮች ብናመዛዝን አንድ ትምህርት እናገኛለን። ክላሪሳ በስምዋ ርስት ነበራት፤ ሰብለም ርስት ለሴት ልጅ ከሚተላለፍበት አገር የተወለደች ናት። ሁለቱንም መሬት አላዳናቸውም። ሀብት ለልጅ ጋሻ ሊሆን ይችላል፤ ፈቃድዋን ግን ሊተካ አይችልም። በእንግሊዝ ቤት ቃልዋን የሸፈነው የገንዘብ ሒሳብ ነበረ፤ በዲማ የሸፈነው የዘር ቈጠራ ነበረ። በማንኩሳ ደግሞ የልጁን ቃል የሸፈነው ጸሎት ነበረ። ሽፋኑ ልዩ ልዩ ቢሆንም ከሥሩ የተቀበረው ድምፅ አንድ ነው።

ሕጋችንስ ምን አለ? በ1952 ዓ.ም. የታወጀው የፍትሐ ብሔር ሕግ ለጋብቻ የተጋቢዎቹን የራሳቸውን ፈቃድ ጠየቀ፤ ዕድሜውንም ለወንድ 18 ለሴት 15 ዓመት አደረገ፤ ባልን ግን የቤተ ሰቡ አለቃ ብሎ ነበር። «ፍቅር እስከ መቃብር» የታተመው ከዚህ ሕግ 6 ዓመት በኋላ ነው። ያም ሆኖ መጽሐፉ ጊዜው ያለፈበት ነገር አልነበረም፤ ሕጉ በነጋሪት ጋዜጣ ወጥቶ ሳለ፣ በየቤቱ ያለው አባት ገና አላነበበውምና። በ1992 ዓ.ም. የተሻሻለው የቤተ ሰብ ሕግ የጋብቻን ዕድሜ ለሁለቱም 18 ዓመት አደረገ፤ የባልንም አለቅነት ትቶ ባልና ሚስትን እኩል አቆመ። የአማራ ክልልም በ1995 ዓ.ም. የራሱን የቤተ ሰብ ሕግ አወጣ። ቢሆንም በጎጃም ገጠር ገና በልጅነትዋ የምትዳር ልጅ ታሪክ ብቻ ሆና አልቀረችም። ሕግ እስከ ደጃፍ ይደርሳል፤ ደጃፉን አልፎ ወደ ጓዳ የሚገባው ግን የቤቱ ባለቤት ራሱ ሲያስገባው ነው።

በመሥሪያ ቤት የምታገለግሉ አንባብያን፤ ምናልባት «እኔ ልጄን ለማንም አልድርም፤ ለማንም አልሳልም» ትሉ ይሆናል። መልካም ነው። ነገር ግን የልጃችሁን ትምህርት ማን መረጠው? የልጃችሁን እጮኛ «ወገኑ ማን ነው?» ብላችሁ ከመጠየቃችሁ በፊት «ትወጂዋለሽ ወይ?» ብላችሁ ጠይቃችኋል? «ሐኪም እንዲሆን ተመኝቼ ነው ያሳደግሁት» የሚል አባት፣ ስእለቱን በቤተ ክርስቲያን ደጅ አልተናገረውም እንጂ የማንኩሳውን ብፅዓት መድገሙ አይደለምን? የፊታውራሪ መሸሻ ኩራት ካባውን አውልቆ ኮትና ከረባት አድርጎ በየሳሎናችን ተቀምጦ ይሆናል።

ይህን ስንል ወላጅ ይናቅ፣ ምክሩም ይጣል ማለታችን አይደለም። ያለ አባት ምክርና ያለ እናት ምርቃት የቆመ ቤት ነፋስ አይችልም። የምንለው ምክር ከመጠየቅ ይጀምር ነው። ወደፊት የእኛን ዘመን ታሪክ የሚጽፍ ሰው አዋጁንና ሹመቱን ከመዝገብ ቤት ያገኘዋል። በየቤታችን ልጆቻችን ሲናገሩ ሰምተናቸው እንደ ሆነ ግን የሚመሰክርብን ወይም የሚመሰክርልን፣ ከእነዚያው ልጆች መካከል የሚነሣ አንድ ደራሲ ነው። ዛሬ ማታ ወደ ቤታችሁ ስትገቡ፣ ስለ ልጃችሁ አስቀድማችሁ የወሰናችሁት አንድ ነገር ቢኖር፣ እስቲ ልጁን አስቀምጣችሁ ጠይቁት።