የአሥመራ ሰማይና የጦር ራዲዮ

የጦር ሰፈር ሲመረጥ ብዙ ጊዜ የሚታየው ወደቡ፥ መንገዱ ወይም ምሽግ የሚሆነው ተራራ ነው። ዛሬ የኤርትራ ዋና ከተማ በሆነችው በአሥመራ የነበረውን የቃኘው ሰፈር ታሪክ ስንመረምር ግን፥ ከምድሩ ይልቅ ሰማዩ ይፈለግ እንደ ነበር እንረዳለን። የዚህ ጽሑፍ ዓላማ ያ ዋጋ ከምን እንደ መጣና እንዴት እንደ ቀረ ማሳየት ነው።

አስቀድሞ የአጭር ሞገድን ጠባይ መግለጽ ያስፈልጋል። በሴኮንድ ከ3 እስከ 30 ሚሊዮን ጊዜ የሚርገበገብ የራዲዮ ሞገድ ወደ ላይ ሲላክ፥ ከ60 ኪሎ ሜትር ከፍታ ጀምሮ የሚገኘውና ከፀሐይ ጨረር የኤሌክትሪክ ጠባይ ያገኘው አዮኖስፌር የተባለው የአየር ክፍል አጉብጦ ወደ ምድር ይመልሰዋል። በዚህም መልእክቱ ያለ ሽቦ ባሕርና በረሃ ተሻግሮ በሺህ የሚቆጠር ኪሎ ሜትር ይጓዛል። ሆኖም ይህ የአየር ክፍል ፀሐይን ተከትሎ ስለሚለዋወጥ፥ ለቀን የተስማማው ሞገድ ለሌሊት አይስማማም። በሰሜን ዋልታ አቅራቢያ ደግሞ ከፀሐይ በሚነሣ ማዕበል ምክንያት መልእክቱ ብዙ ጊዜ ይቋረጣል።

አሥመራ ከምድር ወገብ በስተሰሜን 15 ዲግሪ ገደማ ስለምትገኝ፥ የቀኑ ርዝመት በዓመቱ ውስጥ ብዙ አይለዋወጥም፤ ስለዚህ የሞገዱ መለዋወጥም ይቀንሳል። ከዋልታውም ማዕበል የራቀች ናት። የኢጣልያ ባሕር ኃይል ራዲዮ ማሪና የተባለውን ጣቢያ በዚያ አቋቁሞ ነበር። እንግሊዞች በመጋቢት 1933 ዓ.ም. ከተማይቱን ከያዙ በኋላ፥ በ1935 ዓ.ም. የአሜሪካ ጦር ሠራዊት ጣቢያውን ተረከበ። በሁለተኛው የዓለም ጦርነት መጨረሻም አሥመራ ከዋሺንግተን ተነሥቶ በሳን ፍራንሲስኮ፥ በማኒላና በኒው ዴልሂ በኩል ዓለምን የሚዞረው የጦር ራዲዮ መስመር አንዷ መተላለፊያ ሆነች።

ኤርትራ በፌዴሬሽን ከኢትዮጵያ ጋር ከተባበረች በኋላ፥ ግንቦት 14 ቀን 1945 ዓ.ም. የኢትዮጵያና የአሜሪካ መንግሥታት ስለ ሰፈሩ የ25 ዓመት ውል ተፈራረሙ። በዚያው ቀን የጦር እርዳታ ስምምነትም ተፈረመ። ሰፈሩ ስሙን ያገኘው ወደ ኮሪያ ከዘመተው ከቃኘው ሻለቃ ጦር ነው። ሥራውም መልእክት ማስተላለፍ ብቻ ሳይሆን፥ የሌሎችን መንግሥታት ራዲዮ ማዳመጥ ጭምር ነበር። እንግዲህ ኢትዮጵያ ለመሣሪያና ለሥልጠና በለውጥ ካቀረበቻቸው ነገሮች ዋነኛው ይህ ለራዲዮ የተመቸ ስፍራ ነበር ማለት ይቻላል።

ነገር ግን ሳተላይት መልእክት ማመላለስ ሲጀምር፥ በአዮኖስፌር ላይ የመታመን ግዴታ ቀለለ። በ1965 ዓ.ም. በሕንድ ውቅያኖስ በዲዬጎ ጋርሲያ ደሴት ሌላ የአሜሪካ መገናኛ ጣቢያ ሥራ ጀመረ፤ የቃኘውም ሥራ እየተቀነሰ ሄደ። በሚያዝያ 1969 ዓ.ም. ውሉ ሊያልቅ አንድ ዓመት ያህል ሲቀረው፥ በደርግ ትእዛዝ ሰፈሩ ተዘጋ።

ለመዘጋቱ የፖለቲካው ጠብ ምክንያት መሆኑ አይካድም። ይሁን እንጂ ሰፈሩ ከመዘጋቱ በፊት ተፈላጊነቱ ቀንሶ ነበር። አጭር ሞገድ ዛሬም በብዙ ሠራዊት ዘንድ እንደ መጠባበቂያ ያገለግላል፤ የአሥመራን የመሰለ ታላቅ ጣቢያ ግን የግድ አያስፈልገውም። ከዚህ የምንማረው፥ በአንድ የቴክኒክ ችግር ላይ የተመሠረተ ውል በወረቀቱ ላይ የተጻፈው ዘመን ብቻ እንደማያጸናው ነው። ችግሩ ሌላ መፍትሔ ባገኘ ጊዜ፥ የውሉ ኃይልም አብሮ ይደክማል።