ሊያ ከበደ በ«የበረሃ አበባ»
የፊልም ፖስተር፣ እ.ኤ.አ. 2009፤ ዳይሬክተር ሼሪ ሆርማን

ፈረንሳይኛ ድሬዳዋ የገባው እ.ኤ.አ. በ1902 ከጅቡቲው ባቡር ጋር ነው። የለገሀሬ ሰፈር ስም እንኳ «ጣቢያ» ከሚለው የፈረንሳይኛ ቃል የመጣ ነው።

እ.ኤ.አ. በ1978 አዲስ አበባ የተወለደችው ሊያ ደግሞ ቋንቋውን የተማረችው በሊሴ ገብረ ማርያም ነው። ከሞዴልነት ወደ ትወና ተሻግራ፣ በዚህ ፊልም ሶማሊያዊቷን ዋሪስ ዲሪን ሆና ተጫወተች። ፊልሙ በከፊል የተቀረጸው በሐዲዱ ማዶ፣ ጅቡቲ ነው።

የሆስፒታሉን ትዕይንት ልብ ይበሉ። ሐኪሙ በርኅራኄ የሚናገረውን አስተርጓሚው ወደ ሶማልኛ ሲመልሰው ወቀሳ ያደርገዋል፤ የሊያ መልስ ፊቷ ላይ ነው። ሶማልኛ ለሚሰማ የድሬ ልጅ ሕመሙ እጥፍ ነው። ሊያ እ.ኤ.አ. በ2014 «ሳምባ» በተባለው የፈረንሳይ ፊልምም ተውናለች።