ነጭ ክንፏን የምትደብቀው ወፍ

ወዳጆቼ፣ ሐምሌ በገባ ቁጥር አንዲት ወፍ ትዝ ትለኛለች። ክፍል ውስጥ ስለ እሷ ያስተማርኳችሁ አይመስለኝም፤ መጽሐፉም ላይ አልነበረችም። ዛሬ ዕዳዬን ልክፈል።

የሳይንስ ስሟ ሳሮትሩራ አየርሲ ይባላል። ሳሮትሩራ በግሪክኛ «መጥረጊያ ጭራ» እንደማለት ነው። የውሃ ዶሮ ዘመድ ናት፣ ግን ከድርጭት ታንሳለች፤ ክብደቷ 30 ግራም ገደማ ቢሆን ነው። እንግሊዞቹ የሰጧት ስም ደግሞ ነጭ ክንፏን የሚጠራ ነው። የሚገርመው ይኼ ነጭ የሚታየው ስትበር ብቻ ነው፣ እሷ ደግሞ መብረር አትወድም። በቄጠማው ሥር እንደ አይጥ ሹልክ እያለች ትሄዳለች። እግራችሁ ሊረግጣት ሲል ብድግ ትልና ጥቂት ሜትር በርራ ቄጠማው ውስጥ ዘው ትላለች። ከዚያ በኋላ ብትፈልጓት ልፋት ነው።

ታሪኳ የሚጀምረው ከእኛ አገር ርቆ ነው። በደቡብ አፍሪካ ፖቸፍስትሩም የሚኖር ቶማስ አየርስ የሚባል ሰው ወፎች እየሰበሰበ ወደ እንግሊዝ ይልክ ነበር። እዚያ ጆን ሄንሪ ገርኒ የተባለ የኖሪች ባለባንክ ነበር፣ በዚያ ላይ የፓርላማ አባል የነበረ። ነገር ግን ልቡ ወፍ ላይ ነው። ገርኒ እ.ኤ.አ. በ1877 ይህችን ወፍ ለሳይንስ ገልጾ በአየርስ ስም ሰየማት። መጀመሪያ የመደባት ግን ክንፏ ላይ እንደ እሷ ነጭ ካላት የሰሜን አሜሪካ የረግረግ ወፍ ጋር ነበር። አልፈርድበትም፤ በእጁ የነበረው የደረቀ ቆዳ ነው እንጂ ወፏ አይደለችም።

የእኛዋ ወፍ የታወቀችው በሱሉልታ ሜዳ ነው። ከእንጦጦ ማዶ ያለውን ያንን ሜዳ የድሮ ሰዎች ታስታውሱታላችሁ፤ በክረምት ውሃ ተኝቶበት አረንጓዴ ምንጣፍ ይመስል ነበር። እስከ 1950ዎቹ ድረስ ከዚያ የተገኙ መረጃዎች አሉ። ከዚያ በኋላ ግን ለአሥርት ዓመታት ዝም። ጠፍታ ነው ወይስ ፈላጊ ጠፍቶ? እኔ ሁለተኛው ያመዝንብኛል፤ በነሐሴ ጭቃ እስከ ጉልበቱ ሰምጦ አንዲት ወፍ የሚፈልግ ሰው ስንት አለ? እ.ኤ.አ. በ1990ዎቹ አጋማሽና ከዚያም ወዲህ ሲፈለግ ተገኘች። በተለይ አዲስ ዓለም አቅራቢያ ያለው የበርጋ ረግረግ ዋና መራቢያዋ መሆኑ ታወቀ።

የበርጋ ነገር እንዲህ ነው። ክረምቱ ሲገባ ሜዳው ውሃ ይተኛበታል፣ ለእንቁጣጣሽ የምንጎዘጉዘው ዓይነት ቄጠማና ሣር ይበቅላል። ወፏ እዚያው ጥልቀት በሌለው ውሃ ላይ ጎጆዋን ትሠራለች። ችግሩ ቄጠማው ለእሷ ቤት በሆነበት ሰዓት ለከብቱም ግጦሽ መሆኑ ነው። ከብት ከገባ ጎጆው ይረገጣል፣ ሣሩ ቀድሞ ከታጨደ መደበቂያው ይሄዳል፣ ረግረጉ ከተጠነፈፈ ወይ ከታረሰ ደግሞ ሁሉም ያልቃል።

ታዲያ ገበሬውን «ለ30 ግራም ወፍ ብለህ ላምህን አስርብ» ማለት ይቻላል? እኔ በበኩሌ አልለውም። በርጋ ላይ የተሞከረው መንገድ የሚሻል ይመስለኛል፤ የአካባቢው ሰዎች የወፍ ወዳጆች ማኅበር አቋቋሙ፣ ከደቡብ አፍሪካ የወፏ ተቆርቋሪዎች በመጣ ድጋፍም ትምህርት ቤት ተሠራላቸው። ወፏ ለሰፈሩ ልጆች ትምህርት ቤት አመጣች ማለት እኮ ነው! ይኼ ሁሉንም ችግር አልፈታም፤ ግጦሹ እንደጠበበ፣ የሰው ብዛትም እንደጨመረ ነው።

ለረጅም ጊዜ የታመነው ታሪክ ይህ ነበር፦ በእኛ ክረምት ኢትዮጵያ ትፈለፍላለች፣ ከዚያ ወደ ደቡብ አፍሪካ ትሻገራለች፣ የእነሱን በጋ እዚያ አሳልፋ ትመለሳለች። የሁለቱን አገር ወፎች ዘረ መል ያነጻጸረ ጥናትም ልዩነታቸው በጣም ትንሽ መሆኑን አሳየ። በቃ፣ የእኛ ወፍ ናት፣ እነሱ ጋ እንግዳ ናት ተባለ።

ከዚያ ካሜራው መጣ። ድሮ እሷን ለመቁጠር ሰዎች ተሰልፈው ረግረጉን ይረግጡ ወይም ገመድ ይጎትቱ ነበር፤ ያ ደግሞ ራሱ ረብሻ ነው። ደቡብ አፍሪካኖቹ ግን ደልስትሩም አጠገብ ባለው ሚድልፑንት ረግረግ እንቅስቃሴ ሲያይ ራሱ የሚያነሳ ካሜራ ቄጠማው ውስጥ ተከሉ። እ.ኤ.አ. በ2018 ካሜራው ጫጩቶች ይዞ ብቅ አለ። እንግዳ የተባለችው እዚያም ወልዳለች! ከ1877 ጀምሮ በስም የምትታወቅ ወፍ ራሷ መጀመሪያ በተሰበሰበችበት አገር እንደምትራባ ለማወቅ 140 ዓመት ፈጀ።

አሁን ጥያቄው ተገለበጠ። የበርጋዎቹ ጫጩቶች መስከረም ጠብቶ ሜዳው ሲደርቅ ወዴት ነው የሚሄዱት? በዓለም ላይ ያሉት ለመራባት የደረሱ ወፎች ከ250 በታች ይገመታሉ፤ እ.ኤ.አ. ከ2013 ጀምሮም ለመጥፋት እጅግ ከተቃረቡት ዝርዝር ውስጥ ናት። እንዲህ ጥቂት ከሆኑ አንድ ሕዝብ ናቸው ወይስ ሁለት የሚለው ትልቅ ነገር ነው፤ ሁለት ከሆኑ የበርጋዎቹን የሚተካልን የለም።

በነሐሴ ወደዚያ የምትሄዱ ካላችሁ ረግረጉ ውስጥ አትግቡ። ዳር ቆማችሁ ከብት የሚጠብቁትን ልጆች ጠይቋቸው፤ ከእኔ የተሻለ ያውቃሉ።