የቅኔ ቤትና የአስማት ወሬ

የጎጃም ቅኔ ቤት ስም በተነሣበት ስፍራ ሁሉ ሁለት ወሬ አብሮ ይነሣል። አንደኛው የመምህራኑ ሊቅነት ነው፤ ሁለተኛው አስማት ነው። ተማሪው አብሾ ጠጥቶ ነው እንጂ ይህን ሁሉ በቃሉ አይይዘውም ይባላል፤ መምህሩም መናፍስትን በስማቸው እየጠራ ያዛል ይባላል። ከዳንግላ እስከ እንጅባራ ያለው የአዊ አገር ቅኔ ለሚፈልቅባቸው አድባራት ጎረቤት ስለ ሆነ፥ ዕውቀቱም ወሬውም በአንድ መንገድ ይደርሱታል። እንግዲህ ከሁለቱ የትኛው እውነት እንደ ሆነ ታሪክን መጠየቅ ይገባል።

ትውፊት በጎንጅ ከቅኔ ጋር አያይዞ የሚያነሣው ተዋነይን ነው። በአፄ እስክንድር ዘመን (ከ1470 እስከ 1486 ዓ.ም.) የነበረ ባለቅኔ ነው ይሉታል። ነገር ግን ይኸው ትውፊት ባለቅኔነቱ ብቻ አልበቃ ብሎት፥ የረቂቅ አስማት ዐዋቂም ያደርገዋል። እንዲህ ያለው ነገር በሌላም አገር ተደርጓል። ገርበርት የተባለው የፈረንሳይ መነኩሴ ወደ እስጳንያ ሄዶ ቍጥርን ተማረ፤ በኋላም ሲልቬስትሮስ ሁለተኛ ተብሎ፥ በአውሮፓውያን አቈጣጠር ከ999 እስከ 1003 የሮም ፓፓ ሆነ። ከሞተ በኋላ ግን ዕውቀቱን ከሰይጣን ገዛው የሚል ተረት ወጣበት። በ1218 ዩኒቨርሲቲ የቆመባት የሳላማንካ ከተማም፥ ሰይጣን በዋሻ ውስጥ ሰባት ተማሪዎችን ያስተምር ነበር፥ ከሰባቱም አንዱን ለደመወዙ ያስቀር ነበር የሚል ተረት አላት። ሕዝብ የማይገባውን ትምህርት ባየ ጊዜ የድካሙን መንገድ ስለማያይ፥ አቋራጭ መንገድ ፈልጎ ይሰጠዋል።

ይሁን እንጂ ወሬው ከምንም የተነሣ አይደለም። በኢትዮጵያ አስማት የሚጽፉ ሰዎች ነበሩ። ከብራና እየቈረጡ በባለጕዳዩ ቁመት ልክ ክታብ ያዘጋጁ ነበር፤ በአውደ ነገሥትም ዕጣ ፈንታን ይቈጥሩ ነበር። አፄ ዘርዐ ያዕቆብ (ከ1426 እስከ 1460 ዓ.ም.) ጠንቋይንና አስማተኛን በብርቱ ቅጣት ማሳደዳቸው የታወቀ ነው። ክታብ የሚጽፈውም ሰው ብዙ ጊዜ ደብተራ ነበር፤ ግዕዝ የሚያውቅ፥ ብራናና ቀለም የሚይዝ እጅ የእርሱ ነበርና። ስለዚህ ሕዝቡ ሁለቱን ሥራ በአንድ ሰው እጅ ሲያይ፥ ሁለቱን ትምህርት አንድ አደረጋቸው። የቅኔ ጉባኤ ግን ክታብን አያስተምርም።

የሚያስተምረው ምን እንደ ሆነ ሥራውን ያየ ያውቀዋል። ተማሪው በመጀመሪያ ግስን ከነእርባታው፥ ከዚያም አገባብን ያጠናል። ሲነጋ ደበሎውን ለብሶ፥ አኮፋዳውን አንግቶ፥ ከውሻ ጋር እየታገለ በየደጁ «በእንተ ስማ ለማርያም» ይላል። የዕለት ራቱን ካገኘ በኋላ ከጓደኞቹ ተለይቶ በዛፍ ሥር ይቀመጥና ቅኔ ይቈጥራል። ወደ ማታ ለአስነጋሪው ወይም ለመምህሩ ይነግራል፤ የተሳሳተው ይታረማል። መምህሩም በተራቸው ይዘርፋሉ። ተማሪው በሁለት ቤት ከሚያልቀው ከጉባኤ ቃና ይጀምርና፥ ቀስ በቀስ ስምንት ቤት ወዳለው ወደ መወድስ ይወጣል። ትናንት የተባለውን ዛሬ መድገም አያስመሰግነውም፤ ለየዕለቱ አዲስ ይፈለግበታል። መንገደኛ በጫካ ውስጥ ብቻውን ተቀምጦ ከንፈሩን የሚያንቀሳቅስ ልጅ ቢያይ፥ መንፈስ የሚጠራ ቢመስለው አያስገርምም።

የዕውቀቱም ጠባይ ለወሬው አመቺ ነው። አንጥረኛ የሚፈልገውን ጌጥ አስቀድሞ በሰም ይሠራል፤ ሰሙን በጭቃ ይለብጠዋል፤ በእሳት ሲያግለው ሰሙ ቀልጦ ይወጣና ወርቁ በስፍራው ይገባል። ባለቅኔም በላይ የሚሰማውን ነገር ሰም፥ በውስጥ የተሰወረውን ወርቅ ይለዋል። የአዊ ሰው ምሳሌውን ከደጁ ያገኘዋል። ከአገሩ አዋሳኝ በሰከላ የሚመነጨው ወንዝ ዓባይ ይባላል፤ በግዕዝ ዐባይ ታላቂቱ ማለት ነው፤ በአማርኛም አባይ ሐሰተኛ ማለት ነው። በአንድ ቃል ወንዝን፥ ታላቅነትንና ሐሰትን አንድ ላይ ማየት ላልተማረ ሰው ምትሐት ይመስላል፤ ለተማረው ግን ሰዋስው ነው።

በዚህ ነገር ከሌላው ይልቅ የአዊ ተወላጅ ድካም ሊታሰብ ይገባል። አውንጅ እየተናገረ ያደገ ልጅ ትርጓሜውን በአማርኛ ይሰማል፥ ቅኔውን በግዕዝ ይቈጥራል። አማርኛ ለግዕዝ ዘመዱ ነው፤ አውንጅ ግን ከኵሽ ቋንቋዎች ወገን ስለ ሆነ፥ ልጁ ሁለት ወንዝ ተሻግሮ ነው ከጉባኤው የሚደርሰው። እንዲህ ያለውን ተማሪ «አብሾ ጠጥቶ ነው» ማለት የዓመታት ረኃቡንና ትጋቱን ነጥቆ ለአንድ ጽዋ መስጠት ነው።

ከዚህም የከፋ ጕዳት አለ። አብሾ ከአስተናግር ፍሬ ይዘጋጃል ይባላል፤ አስተናግር ደግሞ አእምሮን የሚያውክ፥ ሲበዛም የሚገድል መርዝ ነው። ወሬውን አምኖ የሚጠጣ ልጅ ትምህርቱን ሊያገኝ ሲሄድ የሚማርበትን አእምሮ ሊያጣ ይችላል። ስለዚህ ወሬውን እንደ ጨዋታ ማሳለፍ አይገባም።

ከቅኔ ቤት የወጣው ፍሬ ደግሞ በግልጥ የሚታይ ነው። በደብረ ኤልያስ የተማረው ዮፍታሔ ንጉሤ ተውኔትና መዝሙር ደረሰ። በዚያው ደብር የተማሩት ሐዲስ ዓለማየሁ በ1958 ዓ.ም. «ፍቅር እስከ መቃብር»ን አሳተሙ፤ የቅኔ ተማሪውንም ኑሮ በበዛብህ አማካይነት ለአገር ሁሉ አሳዩ። አውንጅም ዛሬ በግዕዝ ፊደል ይጻፋል፤ ሕፃናትም በትምህርት ቤት ይማሩበታል። ይህ ሁሉ የተገኘው በቃል ጥናት፥ በእርማትና በትዕግሥት ነው። ልጁን ወደ ጉባኤ የሚሸኝ አባትም ከስንቁ ጋር ይህን እውነት ቢያስይዘው፥ ልጁ በመንገድ ላይ ጽዋ ለሚያቀርብለት ሰው የሚመልሰው ቃል አያጣም።