ከጠመንጃ ቆጠራ ወደ ባሩድ ፍንዳታ፦ የሚያዝያ 21 ቀን 1534 ዓ.ም. ውጊያ እንደገና ሲመረመር

ስለ ታላላቅ ፍንዳታዎች ታሪክ የሚጻፉ ጥናቶች አብዛኛውን ጊዜ አንድን ፍንዳታ ታላቅ የሚያሰኙት በተቃጠለው ቁስ ክብደትና በሟቾች ብዛት ነው። በዚህ መለኪያ እ.ኤ.አ. በ1654 በሆላንዷ ዴልፍት 30 ቶን ገደማ ባሩድ ተቀጣጥሎ ሰፊ የከተማዋን ክፍል ያወደመው አደጋ፣ በ1917 በካናዳ ሃሊፋክስ ወደብ ፈንጂ የጫነ መርከብ ከሌላ መርከብ ጋር ተጋጭቶ ከ1,700 በላይ ሰው ያለቀበት እልቂት፣ እንዲሁም በ2020 በቤሩት ወደብ 2,750 ቶን አሞኒየም ናይትሬት በአንድ ጊዜ የፈነዳበት ጥፋት ግንባር ቀደም ሆነው ይጠቀሳሉ። ከኢትዮጵያም ግንቦት 27 ቀን 1983 ዓ.ም. በአዲስ አበባ የጥይት ማከማቻ ፈንድቶ ብዙ ነዋሪዎችን የገደለውና የፊልም ባለሙያውን የመሐመድ አሚንን ክንድ ያሳጣው አደጋ በዚሁ ተርታ ይመደባል። ስለ እነዚህ ክስተቶች ብዙ ስለተጻፈ ይህ መጣጥፍ አይመለስባቸውም። ክርክሩ በመለኪያው ላይ ነው፤ በክብደትና በሬሳ ቁጥር ብቻ የሚመዝን ታሪክ ጥቂት ባሩድ ተቀጣጥሎ የአንድን ዘመቻ አቅጣጫ የለወጠባቸውን ፍንዳታዎች ከቁም ነገር ሳይቆጥር ያልፋቸዋል።

ከእነዚህ አንዱ ሚያዝያ 21 ቀን 1534 ዓ.ም. በደቡብ ትግራይ፣ በተለምዶ የጃርቴ ውጊያ በሚባለው ግጥሚያ የደረሰው ነው። በዚያ ቀን በክሪስቶቮ ዳ ጋማ የሚመራው የፖርቱጋል ጭፍራ ከኢማም አሕመድ ኢብን ኢብራሂም (በተለምዶ አሕመድ ግራኝ) ሠራዊት ጋር ሲዋጋ በራሱ በፖርቱጋሎቹ በኩል የነበረ ባሩድ በአጋጣሚ ተቀጣጠለ፤ የኢማሙ ፈረሶችም በርግገው ሠራዊቱ ተበተነ። ድርጊቱን የጻፈው በዘመቻው የተሳተፈው ሚጌል ደ ካስታንዮዞ ሲሆን፣ መጽሐፉ እ.ኤ.አ. በ1564 በፖርቱጋልኛ ታትሞ በ1902 በዋይትዌይ እጅ ወደ እንግሊዝኛ ተመልሷል። ምንጩ ለሁሉም ክፍት ሆኖ ሳለ ፍንዳታው በአብዛኛዎቹ የኢትዮጵያ ጦርነት ታሪክ ጸሐፊዎች ዘንድ ከግርጌ ማስታወሻ ያለፈ ቦታ አላገኘም።

ለዚህ ቸልታ በቂ ምክንያት አለ። የባሩድ ዘመን የኢትዮጵያ ታሪክ ለረጅም ጊዜ የተጻፈው በጠመንጃ ቆጠራ ነው። ሪቻርድ ፓንክኸርስት እ.ኤ.አ. በ1960ዎቹ ኢትዮጵያ ኦብዘርቨር በተባለው መጽሔት ያሳተሟቸው ጥናቶች ጠመንጃና መድፍ ከየት እንደመጡ፣ በማን እጅ እንደገቡና ስንት እንደነበሩ በትጋት ያሰባሰቡ ስለሆኑ ባለውለታ ናቸው። የዚህን ቆጠራ መደምደሚያ በብርቱ የተገዳደሩት ግን ፕሮፌሰር መርዕድ ወልደ አረጋይ ናቸው። መርዕድ በጆርናል ኦፍ ኢትዮፒያን ስተዲስ ቅጽ 14 ባሳተሙት መጣጥፍ ከ1500 እስከ 1800 እ.ኤ.አ. ባለው ዘመን የጠመንጃ ተጽዕኖ በልማድ ከሚነገረው እጅግ ያነሰ እንደነበር ተከራክረዋል። ይህ ግምገማ ትውልድን ከአንድ የተሳሳተ አስተሳሰብ አላቅቋል፤ በስልቱ ግን ሊታረም የሚገባው አንድ ጉድለት አለበት። መርዕድ የተቿቸውን ጸሐፊዎች መለኪያ እንዳለ ተቀብለው ውጤቱን ብቻ ገልብጠውታል። ሁለቱም ወገኖች ባሩድን የጠመንጃ ስንቅ አድርገው ስለሚያዩት ጠመንጃው ካልሠራ ባሩዱም አልሠራም ወደሚል ድምዳሜ ይደርሳሉ። በርሜል ውስጥ ያለ ባሩድ ግን ጠመንጃ ኖረም አልኖረም ራሱን የቻለ ኃይል ነው።

እዚህ ላይ የቁሱን ጠባይ ማስረዳት ይገባል። ባሩድ ፖታሲየም ናይትሬት ከተባለ ጨው፣ ከድኝና ከከሰል ይቀመማል፤ ኋላ ላይ በተለመደው አቀማመም ጨው 75፣ ከሰል 15፣ ድኝ 10 በመቶ ይሆናል። ጨው ኦክሲጅንን በውስጡ ስለሚይዝ ድብልቁ ለመንደድ የውጭ አየር አያስፈልገውም። ሜዳ ላይ ተዘርግቶ የተቀጣጠለ ባሩድ ብርቱ ብልጭታና ነጭ ጭስ አውጥቶ በቅጽበት ይነድዳል፤ በበርሜል ወይም በከረጢት የታፈነው ግን ጋዙ መውጫ ሲያጣ መያዣውን ቀድዶ ይፈነዳል። የዘመኑ ጠመንጃ፣ ማለትም አርከቡስ የተባለው፣ የሚተኮሰው በጨው በተነከረና ጫፉ ዘወትር በሚጨስ ክር ነበር። ተኳሹ በአንድ እጁ ይህን የነደደ ክር ይዞ በሌላው እጁ ከወገቡ ባሩድ እየቀዳ ያጎርሳል። ብዙ መቶ እንዲህ ያሉ ሰዎች ጎን ለጎን በተጨናነቁበት የአራት ማዕዘን ሰልፍ መካከል ደግሞ የጋራው ባሩድ ተከማችቷል። ስለዚህ አስገራሚው ነገር በሚያዝያ 21 ባሩዱ መቀጣጠሉ ሳይሆን በሌሎቹ ውጊያዎች ሳይቀጣጠል መቅረቱ ነው።

የካስታንዮዞን ትረካ በቅደም ተከተሉ መመርመር የክርክሩን መሠረት ያሳያል። የመጀመሪያው ግጥሚያ የተካሄደው ሚያዝያ 9 ነው። በዚያ ቀን ኢማሙ በጥይት ቆሰለ፣ ፈረሱ ተገደለ፣ ሠራዊቱም አፈገፈገ፤ እስከዚህ ድረስ ያለው የጠመንጃ ታሪክ ነው። ሆኖም ይህ ድል አልጸናም። በቀጣዮቹ ቀናት ገራድ ዑመር የተባለው አዛዥ 500 ፈረሰኛና 3,000 እግረኛ ይዞ ስለመጣ የኢማሙ ኃይል ከመጀመሪያው ይልቅ በረታ። ከአሥራ ሁለት ቀን በኋላ ሁለቱ ወገኖች እንደገና ሲገናኙ ውጊያው ይበልጥ የከረረ ሆነ፤ የኢማሙ ፈረሰኞችም ፖርቱጋሎቹ የሠሩትን ሰልፍ በአንድ ወገን ሊሰብሩ ተቃረቡ። ይህ ነጥብ ወሳኝ ነው። ጠመንጃው በቦታው ነበር፣ ተኳሾቹ እነዚያው ነበሩ፣ ሥልጠናቸውም አልተለወጠም፤ ይህ ሁሉ ተሟልቶ ሳለ ሰልፉ ሊፈርስ ደረሰ። በዚህ ቅጽበት ባሩዱ ፈነዳ፣ የአጥቂዎቹ ፈረሶች በረገጉ፣ ጋላቢዎቻቸውን ይዘው ሸሹ፣ ቆስሎ በአልጋ ላይ የነበረውን ኢማምም ሰዎች ተሸክመው አወጡት። ጸሐፊው አክሎ መቶ ፈረስ ቢኖራቸው ኖሮ ድሉ የተሟላ ይሆን እንደነበር በቁጭት ያስታውሳል፤ ይኸውም የጭፍራው የራሱ ኃይል ድልን እስከ መጨረሻ ለመግፋት የማይበቃ እንደነበር ከራሱ አንደበት የተገኘ ምስክርነት ነው።

ለዚህ ንባብ ከሌላው ወገን ድጋፍ ይገኛል። የኢማሙን ዘመቻ የዘገበው የዐረብ ፈቂህ ፉቱህ አልሐበሻ በእጅ ያለው ክፍሉ ከ1534 ዓ.ም. በፊት ስለሚያበቃ ስለዚህ ውጊያ ምንም አይልም። ነገር ግን በ1523 ዓ.ም. በአንጾኪያ የተደረገውን ውጊያ ሲተርክ የኢማሙ መድፍ ተተኩሶ ዛፍ እንደሰነጠቀና የክርስቲያኑ ሠራዊት በድንጋጤ እርስ በርሱ እንደተጨናነቀ ይናገራል። በዚያ ትረካ ሠራዊቱን የፈታው የሟቹ ብዛት ሳይሆን ነጎድጓዱና የዛፉ መሰንጠቅ ነው። ሁለቱ ምንጮች በሃይማኖት፣ በቋንቋና በወገንተኝነት ተቃራኒዎች ሆነው ሳለ በአንድ ነገር ይስማማሉ፤ በኢትዮጵያ ደጋ የመጀመሪያው የባሩድ ትውልድ ያሸነፈው ጥይቱ በመታው ሰው ሳይሆን ፍንዳታው ባስደነገጠው ሰውና እንስሳ ነው።

ሊነሡ የሚችሉ ተቃውሞዎች አሉ። አንደኛው ካስታንዮዞ ወገንተኛ ነው የሚል ነው፤ ወገንተኛ ጸሐፊ ግን የጀግኖቹን ድል በገዛ ካምፓቸው በደረሰ አደጋ አሳብቦ ክብራቸውን የሚቀንስበት ምክንያት የለውም። ሁለተኛው የኢማሙ ፈረሶች ከአሥር ዓመት በላይ የመድፍና የጠመንጃ ድምፅ የለመዱ ስለነበሩ በአንድ ፍንዳታ አይበረግጉም የሚል ነው። ይህ ተቃውሞ ከሩቅ የሚሰማን ተኩስ ከፊት ለፊት ከሚነሣ የእሳት ነበልባልና ጭስ ጋር ስለሚያምታታ አይጸናም። ሦስተኛው ሠራዊቱ ሚያዝያ 9 በኢማሙ መቁሰል አስቀድሞ ልቡ ተሰብሯል ይላል፤ ልቡ የተሰበረ ሠራዊት ግን የጠላቱን ሰልፍ ሊሰብር አይቃረብም። አራተኛውና ለመርዕድ ሐሳብ የሚመቸው፣ ውሳኔው የተሰጠው በፈረሰኛው ስለሆነ ባሩድ ከቁጥር አይገባም የሚለው ነው። ነገሩ ተገላቢጦሽ ነው፤ የዘመኑን ገዢ የጦር ኃይል፣ ፈረሰኛውን፣ ያለ ጥይት የፈታው ባሩድ ራሱ ነበር። ከአንድ የዓይን ምስክር የተገኘ ማስረጃ በጥንቃቄ መያዝ እንዳለበት እርግጥ ቢሆንም፣ ያው ጥንቃቄ በዚያው መጽሐፍ ላይ ተመሥርተው የጠመንጃ ቁጥር ለሚጠቅሱትም ሊሠራ ይገባል።

የፍንዳታው ውጤት በዚያ ቀን አላበቃም። ኢማሙ ወደ ደቡብ አፈግፍጎ በየመን ዘቢድ ከነበረው የኦቶማን ገዢ እርዳታ ጠየቀ፤ በመጣለት የጠመንጃና የመድፍ ኃይልም ጳጉሜን 5 ቀን 1534 ዓ.ም. በወፍላ ፖርቱጋሎቹን ድል ነሥቶ ክሪስቶቮ ዳ ጋማን ማረከና ገደለ። ከድሉ በኋላ ግን አብዛኞቹን ኦቶማኖች አሰናብቶ 200 ያህሉን ብቻ አስቀረ፤ የካቲት 27 ቀን 1535 ዓ.ም. ከጣና በስተ ምሥራቅ በወይና ደጋ ከዐፄ ገላውዴዎስና ከተረፉት ፖርቱጋሎች ጋር ሲገጥም በዚያው ተገደለ። ሚያዝያ 21 ሰልፉ ቢፈርስ ኖሮ የዘቢዱ ልመናም፣ የወፍላው ድልም፣ በጣና ዳር የተፈጸመው ፍጻሜም አስፈላጊ ባልሆኑ ነበር። ሰንሰለቱ የሚጀምረው ከዚያች ቅጽበት ነው።

የባሩድ ታሪክ ከጠመንጃ ታሪክ ተለይቶ መጠናት እንዳለበት ሦስት ምዕተ ዓመት ዘግይቶ የደረሰው የአሮጌው ውጊያም ይመሰክራል። ሚያዝያ 3 ቀን 1860 ዓ.ም. በመቅደላ ግርጌ የዐፄ ቴዎድሮስ ጦር ከእንግሊዝ ሠራዊት ጋር ሲገጥም በንጉሡ ስም የተጠራው ትልቅ መድፍ ከልክ በላይ ስለጎረሰ በመጀመሪያው ተኩስ ፈነዳ። የታሪክ ጸሐፊዎች ሽንፈቱን ፈጥኖ ለሚተኩሰው ለእንግሊዞቹ ስናይደር ጠመንጃ መስጠታቸው ስሕተት ባይሆንም፣ በጋፋት ለዓመታት የተለፋበት የመድፍ ሥራ በገዛ ባሩዱ በመጀመሪያው ሰዓት መበጠሱ ለብቻው ሊመረመር የሚገባው ነገር ነው። ከሦስት ቀን በኋላም የመቅደላን የኮኬት በር ሊያፈርሱ የተላኩት የእንግሊዝ መሐንዲሶች የባሩዱን ከረጢት ከኋላ ረስተው በሩ ሥር ቆሙ፤ ወታደሮቹም ቅጥሩን ወጥተው ለመግባት ተገደዱ። ባሩድ መቼ እንደፈነዳ ብቻ ሳይሆን መቼ ሳይፈነዳ እንደቀረም የሚጠይቅ ጥናት ከጠመንጃ ቆጠራ የተሻለ መልስ ይሰጣል።

ለዚህ ጥናት እንፍራንዝ ያለ ጥርጥር አመቺ ቦታ ነው። የወይና ደጋው ውጊያ የተካሄደበት የጣና ምሥራቃዊ አገር ክፍል የሆነው ይህ ስፍራ የገላውዴዎስ የወንድም ልጅ ዐፄ ሠርጸ ድንግል (1555–1590 ዓ.ም.) ያሠሩት የጉዛራ ግንብ የሚገኝበት ነው። ነገሥታቱ ከድንኳን ከተማ ወደ ኖራ ግንብ የተሸጋገሩበትን ምክንያት ሊቃውንት ባብዛኛው ከፖርቱጋልና ከኦቶማን የግንባታ ጥበብ ጋር ያያይዙታል። በድንኳን መካከል የተከማቸ ባሩድ ምን እንደሚያደርስ የጃርቴው ፍንዳታ ባሳየበት ዘመን ግን ባሩድን ከእሳትና ከዝናብ የሚጠብቅ የድንጋይ ክፍል ማስፈለጉ ከምክንያቶቹ አንዱ ሊሆን ይችላል። ይህ ለጊዜው መላምት ነው፤ የሚፈተነውም በንባብ ሳይሆን በቁፋሮ ነው። የጎንደር ዩኒቨርሲቲ የታሪክና የቅርስ ጥናት ክፍሎች የጉዛራን የምድር ቤት ክፍሎች ሲመረምሩ በወለሉና በግድግዳው ላይ የናይትሬትና የድኝ ቅሪት መኖር አለመኖሩን በላቦራቶሪ እንዲያስመረምሩ፣ ግንቡን የሚጠግኑ ባለሙያዎችም ይህ ሳይደረግ የውስጡን ግድግዳ በአዲስ ኖራ እንዳይመርጉት ማሳሰብ ይገባል።