ውሻውና ፖሊሶቹ

እ.ኤ.አ. በ1907 የፓቴ ኩባንያ ፈርዲናን ዜካ ያዘጋጀውን «የፖሊሶች ሩጫ» የተባለ ድምፅ አልባ አስቂኝ ፊልም አወጣ። ታሪኩ አጭር ነው። አንድ ውሻ ከሥጋ ቤት ሙዳ ሥጋ መንትፎ ይፈረጥጣል። የደንብ ልብስ የለበሱ ፖሊሶች በጅምላ ይከተሉታል፤ የሕንፃ ግድግዳ ሳይቀር ይቧጥጣሉ። በመጨረሻ ውሻው ዞር ብሎ ያሳድዳቸውና እግሬ አውጪኝ ብለው ወደ ጣቢያቸው ይሸሻሉ።

ይህን ቀልድ ከዘመኑ ነጥለን ልንረዳው አንችልም። ማርች 10 ቀን 1906 በኩሪየር የድንጋይ ከሰል ማዕድን በደረሰው ፍንዳታ 1,099 ሰዎች አለቁ። ሠራተኛው ሥራ ሲያቆም የአገር ግዛት ሚኒስትሩ ክሌማንሶ ጦር አዘመተበት። በጁን 1907 ደግሞ የደቡብ ፈረንሳይ ወይን አምራቾች ሲነሡ በናርቦን ከተማ ወታደር ተኩሶ ሰው ገደለ፤ የ17ኛው እግረኛ ሬጅመንት ወታደሮችም ይህን ሲሰሙ አመፁ። እንግዲህ በየገበያው ድንኳን ፊልም የሚያየው ወዛደር የደንብ ልብሱን አሳምሮ ያውቀዋል። የሳቁም ምንጭ ይኸው ነው።

አንዳንድ ጓዶች እንዲህ ያለው ሳቅ ያዘናጋል ይላሉ። ሌሎች ደግሞ ራሱን ትግል ያደርጉታል። ሁለቱም ሚዛን ጎድሏቸዋል። ፊልሙ በባለቆቡ ያላግጣል እንጂ ቆቡን ያጠለቀለትን አይጠይቅም፤ ማዕድን ቆፋሪውም ሆነ የማዕድኑ ጌታ በውስጡ የሉም። ሆኖም የማይደፈረው ሥልጣን ሲሸሽ ያየ ተመልካች ፍርሃቱ ጥቂት ይቀልለታል። ይህ ቀላል ነገር አይደለም።

ገዢዎቹ ግን ይበልጥ የሚያሰጋቸው ሌላ ነበር። በጃንዋሪ 1909 በቤቱን ከተማ አራት ሰዎች በአደባባይ በጊሎቲን አንገታቸው ሲቀላ ትዕይንቱ በፊልም ተቀረጸ። ሚኒስቴሩም እንዲህ ያለ ፊልም እንዳይታይ ለየአውራጃው ገዢዎች ሰርኩላር አስተላለፈ። በፈረንሳይ የፊልም ሳንሱር ሥር የሰደደው ከዚህ ተነሥቶ ነው። በሰርኩላር የታገደው የሚሮጠው ፖሊስ ሳይሆን፣ መንግሥት በእጁ የፈጸመውን ድርጊት እንዳለ የሚያሳየው ፊልም ነበር።

ስለዚህ በስደት ተሰባስበን ስለ ባለሥልጣናት ቀልድ ስንቀባበል ሳቁን አንናቀው፤ ሥራችንን ያጠናቀቅንም አይምሰለን። የተፈጸመውን በቀን፣ በቦታና በስም መዝግቦ ማቆየት ገና ከፊታችን ይጠብቀናል።